ግራሶና ነጭ ኮት

ሳጥኑን ስከፍተው መጀመሪያ የሚመጣው ሽታው ነው። የሳሙና ሽታ አይደለም፣ የብል መድኃኒትም አይደለም። የግራሶ ሽታ ነው፤ ከአሮጌ ኩሽኔታ ውስጥ ተጠርጎ የወጣ፣ የተቃጠለ ብረትና አቧራ የተቀላቀለበት ጥቁር ግራሶ። ሽታው የሚወጣው ከታች ተጣጥፎ ከተቀመጠ ነጭ ነጠላ ነው። ጫፉ ላይ፣ ከጥለቱ አንድ ስንዝር ከፍ ብሎ፣ የአንድ ግራ እጅ አሻራ አለበት። አውራ ጣቱ ደብዝዟል። አራቱ ጣቶች ግን ከነአንጓቸው ይታያሉ።

እጁ የእናቴ ነው። ግራሶው የኔ ነው።

ስለ ውድድር የሚጠይቁኝ ሰዎች መስማት የሚፈልጉት ስለ ሜዳሊያ ነው። አንተ ግን የጠየቅኸኝ ስለ ነጠላው ስለሆነ ከመጀመሪያው ልንገርህ።

የልጅነት ልምሻ እግሮቼን የወሰደው በሁለት ዓመቴ ነው። አባቴን አላውቀውም። እናቴ አዋሳ፣ ሐይቅ ዳር ባለ አንድ ትልቅ ሆቴል ውስጥ ልብስ አጣቢ ነበረች፤ የምንኖረው ደግሞ ታቦር ተራራ ሥር፣ ዳገቱ ላይ፣ አንድ ክፍል ተከራይተን ነበር። ጠዋት ከሥራ በፊት ዊልቸሬን ይዛ ቁልቁል ወደ ትምህርት ቤት ትወስደኝ ነበር፤ ከሰዓት ሽቅብ ትመልሰኝ ነበር። ሁልጊዜ ከኋላዬ ስለነበረች ከፊቷ ይልቅ ሽታዋን ነበር የማውቀው። ከጀርባዬ በረኪና ከሸተተ እሷ ናት።

ሰባት ዓመቴ ሳለ አንድ ቀን ቁልቁለቱ መሃል ከጎረቤት ጋር ሰላም ልትባባል እጇን ከወንበሬ አነሳች። ዊልቸሩ ይዞኝ ሄደ። እኔ ስቄያለሁ፤ ነፋሱ ደስ ይል ነበር። እሷ አንድ እግር ጫማዋን መንገድ ላይ ጥላ፣ ነጠላዋ ከኋላዋ መሬት እየጠረገ፣ ቦዩ አፋፍ ላይ ደርሳ ያዘችኝ። ከዚያ ቀን በኋላ ሰው ሰላም የምትለው በአገጯ ነበር እንጂ እጇ ከወንበሬ ተላቅቆ አያውቅም።

አሥራ አራት ዓመት ሲሞላኝ ከለከልኳት።

«ከዛሬ ጀምሮ እንዳትገፊኝ።»

«ምን አደረግሁህ?»

«ምንም። ትልቅ ሰው ነኝ።»

«እሺ፣ ትልቅ ሰው» አለችና እጆቿን ነጠላዋ ውስጥ ከታ ሦስት እርምጃ ወደ ኋላ ቀረች። ከዚያ ወዲያ አብረን ስንሄድ ሁልጊዜ ሦስት እርምጃ ነበር። ዞር ብዬ ቆጥሬ አውቃለሁ።

እሷን መከልከል ቀላል ነበር። ከተማውን መከልከል ግን አልተቻለኝም። የአዋሳ ሰው ደግ ነው፤ ደግነቱ ግን አያስፈቅድም። ዊልቸር ላይ ሆነህ መንገድ ዳር ሰው እየጠበቅህ ከሆነ አንድ የማታውቀው ሰው ከኋላ መጥቶ «አይዞን» ይልና ይገፋሃል። ወዴት ነህ ብሎ አይጠይቅም። ሳልፈልግ አስፋልት የተሻገርኩበትን ጊዜ አልቆጥረውም። አንዴማ ቤተ ክርስቲያን ደጃፍ ድረስ ወስደውኝ ተመርቄ ተመልሻለሁ።

መናኸሪያ አጠገብ ጎማ የሚጠግን አንድ ጎሚስታ ነበር። እሱ ጋ መጀመሪያ የሄድኩት የተነፈሰ ጎማ ላስነፋ ነው፤ የቀረሁት ግን ለሦስት ዓመት ነው። ሥራ ሲከብደው በሲዳምኛ ከራሱ ጋር ይከራከር ነበር፤ ሲሳካለት ወደ አማርኛ ይመለሳል። የመጀመሪያውን የእሽቅድምድም ዊልቸር የሠራነው እኔና እሱ ነን፤ ሁለት የብስክሌት ጎማ ከኋላ፣ ከልጅ ብስክሌት የወጣች አንድ ትንሽ ጎማ ከፊት፣ ገላው ከአልጋ ብረት የተበየደ። የግራና የቀኙን ርዝመት በልብስ ሰፊ ሜትር ለክቼ የሁለት ሚሊ ልዩነት አገኘሁና ይፈታ አልኩት።

«ሰውዬ፣ ሚሳኤል ነው እንዴ የምንሠራው?» አለኝ።

ፈታው ግን።

አገፋፉን የተማርኩት ከአንድ ፊሊፒናዊ ነው። አግኝቼው አላውቅም፤ ስሙንም አስተካክዬ መጥራት አልችልም። መናኸሪያ ፊት ለፊት በነበረው ኢንተርኔት ቤት፣ የጆሮ ማዳመጫው ስለማይሠራ ያለ ድምፅ፣ ቪዲዮዎቹን ደጋግሜ አየኋቸው። በአንዱ ላይ ገና ልጅ ነው፤ የተዋሰው ወንበር ሰፍቶት ጎኑን በጨርቅ ጠቅጥቆታል። በሌላው ትከሻው ሰፍቷል። በሌላው ፀጉሩ መሳሳት ጀምሯል። አብዛኛውን ጊዜ ይሸነፋል፤ አንዴ አሸንፎ አይቼዋለሁ። የአንድ ሰው ሙሉ የሩጫ ዘመን በአንድ ከሰዓት ፊቴ አለፈ። ሰውየው ጎማውን አይጨብጥም፤ ይመታዋል። ጎማውን እንደ ግድግዳ ሰዓት ብታየው ቁጥር አንድ ላይ ይመታና ቁጥር ሰባት ላይ ይለቃል። ከሁሉም የገረመኝ ግን መጨረሻ ላይ የሚያደርገው ነገር ነበር። መስመሩን ካለፈ በኋላ ውሃ ሲሰጡት አይቀበልም። አስቀድሞ ከጉያው ጨርቅ ያወጣና ወንበሩን ይጠርጋል፤ ቢያሸንፍም ቢሸነፍም። ለምን እንደሆነ ያን ጊዜ አልገባኝም።

ጓንቴን ከከመነዳሪ፣ ከጎማ ውስጠኛው ላስቲክ፣ ቆርጬ ሰፋሁ። በአሥራ ሰባት ዓመቴ ለመጀመሪያው ውድድር ተመዘገብኩ።

የከተማው የአካል ጉዳተኞች የጎዳና ውድድር ነበር። በዊልቸር ስድስት ነበርን። ከከተማው ቡድን ጋር ወደ አዲስ አበባ የሚሄደው አንድ ሰው ብቻ፣ አንደኛ የወጣው ነው። መነሻው ሐይቁ ዳር፣ መድረሻው መሃል ከተማ አደባባዩ ላይ ነበር። በእግሩ የሚሄድ ሁሉ አዋሳ ሜዳ ናት ይላል። በእጁ የሚሄድ ግን እንደዚያ አይልም፤ ከሐይቁ ወደ ከተማ ያለው መንገድ ሳያስታውቅ ይወጣል፤ ክንድህን ቀስ እያለ ይበላዋል። እኔ ያን መንገድ ከሰባት ወር በላይ ስለማመድበት ስለነበር ሌሎቹን ዳገቱ ላይ ጣልኳቸው።

የክብር እንግዳው የእናቴ አሠሪ፣ ባለሆቴሉ ነበር። የሁላችንንም ቲሸርት የገዛው እሱ ነው። ነጭ ኮት፣ ነጭ ሱሪ፣ ነጭ ጫማ ለብሶ መድረሻው አካባቢ ከፎቶ አንሺ ጋር ቆሞ ነበር። ሠላሳ ሜትር ሲቀረኝ ከሕዝቡ መሃል ወጣ። በኋላ ተመልሼ ለክቼዋለሁ፤ ሠላሳ አንድ ነው። አጎንብሼ ስለነበር አላየሁትም። መጀመሪያ የደረሰኝ የሽቶው ሽታ ነው። ቀጥሎ ሁለት እጅ የወንበሬ ጀርባ ላይ አረፈ፤ ጎማው ከእጄ ቀድሞ መሽከርከር ጀመረ። ምቴ ባዶ ሆነ። ሕዝቡ እልል አለ። ፎቶ አንሺው ተንበርክኮ አነሳን። ሰውየው ጆሮዬ ሥር ጎንበስ ብሎ፣

«አይዞህ ጀግናው! አብረን ደረስን!» አለኝ።

ዳኛው ሕዝቡ እስኪበተን ጠብቆ ነው የመጣው።

«ከውድድሩ ውጪ ነህ ልጄ። እርዳታ አግኝተሃል።»

«አልጠየቅሁም!»

«ደንቡ ጠየቀ አልጠየቀ አይልም።» ከዚያ ድምፁን ዝቅ አድርጎ የለበሰውን ቲሸርት በሁለት ጣቱ ወደ ፊት ሳበው። «በምን አፌ ልናገረው? ይኸው፣ ያለበሰን እሱ ነው።»

ከኋላዬ የነበረው ልጅ አዲስ አበባ ሄደ። ፎቶው በትልቁ ታትሞ ሆቴሉ እንግዳ መቀበያ ላይ ተሰቀለ። ባለሆቴሉ ይስቃል፤ የኔ ፊት አጎንብሷል፤ የማለቅስ ይሁን የምጸልይ አያስታውቅም። እናቴ የታጠፈ አንሶላ ተሸክማ በየቀኑ ከሥሩ ታልፍ ነበር።

«ፎቶው ላይ ቆንጆ ወጥተሃል» አለችኝ አንድ ማታ።

ሁለት ቀን አላናገርኳትም። ባለሆቴሉን ምን ትለዋለች ብዬ ጠብቄ ነበር? የምንበላው ከእጁ ነበር። ያን ጊዜ ግን አልገባኝም፤ ሊገባኝም አልፈለግሁም።

ያን ዓመት የኖርኩት በቂም ነው። ሳላጋንን ነው የምነግርህ። ንጋት ላይ ሐይቁ ገና ግራጫ ሆኖ፣ አባ ኮዳ የሚባሉት ራሰ በራ ትልልቅ ወፎች አጥሩ ላይ እንደ ቀብር አስፈጻሚ ተደርድረው ሲያዩኝ፣ ዳገቱን እመላለስበት ነበር። ለምቴ ምት የሚሆን ዜማ ሰውየው ራሱ ሰጥቶኛል። ጎማውን ስመታ «አብረን»፤ ስለቀው «ደረስን»። አብረን፣ ደረስን። አብረን፣ ደረስን። በዚህ ዜማ መዳፌ ተልጦ ደረቀ፤ ሦስት ጓንት ጨረስኩ። እየበላሁ ነጩን ኮት አስበው ነበር። ነጭነቱ ራሱ ይቆጨኝ ነበር።

ሁለተኛው ውድድር ሊደርስ አንድ ሳምንት ሲቀረው ቲሸርት ለመቀበል ሆቴሉ አትክልት ቦታ ተሰበሰብን። ባለሆቴሉ ማይክራፎኑን ይዞ እኔን በጣቱ አሳየና፣ «ከዚህ ጀግና ጋር ዘንድሮም አብረን እንደርሳለን!» አለ። ተጨበጨበ። ዳኛውን ለብቻው አግኝቼ፣ «እባክዎ፣ ማንም መንገዱ ውስጥ እንዳይገባ ይንገሩልኝ» ብዬ ለመንኩት። «እነግራለሁ፣ እነግራለሁ» አለኝ፤ ዓይኑ የሻይ ትሪው ላይ ነበር።

ከዚያ በቀጥታ ወደ ጎሚስታው ሄድኩ።

«ግራሶ ስጠኝ። ጥቁሩን፣ ከባጃጅ ኩሽኔታ የወጣውን።»

«ለምንህ?»

«የወንበሬን ጀርባ ልቀባው።»

«ጀርባው ምን የሚሽከረከር ነገር አለው?» ካለ በኋላ ቆም ብሎ አየኝ። ሲገባው መፍቻው ከእጁ ወደቀ። «ነጭ እኮ ነው የሚለብሰው!»

«አውቃለሁ።»

ሆዱን ይዞ ሳቀ። ስቆ ሲጨርስ ግን ጣሳውን ወዲያው አልሰጠኝም። «ቂም ይዞ ጸሎት፣ ሳል ይዞ ስርቆት ይባላል» አለኝ። «ሳቁ ካመለጠህ ያውቁብሃል። ለመሆኑ እናትህ እዚያው አይደል የምትሠራው?»

«ማን ቀባው ብሎ ይጠይቃል? የዊልቸር ግራሶ ነው።»

የመጨረሻውን ጥያቄውን እንዳልመለስኩለት የገባኝ ከብዙ ጊዜ በኋላ ነው።

የውድድሩ ቀን ጠዋት በአሮጌ ጥርስ ብሩሽ ቀባሁት። የጀርባ መደገፊያው ላይ፣ ከኋላ በኩል ያለው አግዳሚ ብረት ላይ፣ ሰው እጁን ሊያሳርፍ በሚችልበት ሁሉ፤ ውፍረቱ እኩል እንዲሆን ሁለት ጊዜ። ሐሳቤ ሁለት ነበር። እጁ ስለሚያዳልጠው ሊገፋኝ አይችልም፤ ስለዚህ ማንም አያስወጣኝም። ያን ነጭ ኮትም ከዚያ ወዲያ የሚለብሰው አይኖርም።

እናቴ ውድድሬን አይታ አታውቅም ነበር፤ ዓርብና ቅዳሜ ሆቴሉ ሰርግ ስለሚበዛበት እሑድ የአንሶላ ቀኗ ነው። ያን ቀን ጠዋት ከቤት ስወጣ፣ «በርታ፣ ትልቅ ሰው» ብላኝ ቀረች። እንደምትመጣ አልነገረችኝም።

ከመነሻው ጀምሮ እኔና ያለፈው ዓመት አሸናፊ ጎን ለጎን ነበርን። እሱ ከአዲስ አበባ እውነተኛ የእሽቅድምድም ወንበር ይዞ ተመልሷል፤ የኔ የአልጋ ብረት ነው። ዳገቱ ግን የኔ ነበር። አደባባዩ ሲታየኝ በሁለት ጎማ ቀደምኩት። አጎንብሼ አብረን፣ ደረስን እያልኩ ሳለ የቀኝ እጄ ጓንት ከስፌቱ ተተረተረ። ምቴ ሳተ። የፊቷ ጎማ ጠማማ ሄዳ ከአንዲት ጉድጓድ ገባችና ወንበሩ ቆመ፤ ወዲያው ዳገቱ ወደ ኋላ ይስበኝ ጀመር። አንድ ክንድ፣ ሁለት ክንድ ያህል ተመለስኩ። ሕዝቡ ጮኸ። ጎማውን በባዶ እጄ ጨበጥኩ፤ ቆዳዬ ሲቃጠል ተሰማኝ።

በዚህ መሃል ከኋላዬ የሩጫ ኮቴ ሰማሁ። ሁለት እጅ የወንበሬ ጀርባ ላይ አረፈ።

መጣ፣ አልኩ በልቤ።

እጆቹ ገፉ። አዳለጣቸው። አንድ ጊዜ የወንበሬ ጀርባ ላይ ወደ ላይ ሲንሸራተቱ ተሰማኝ፤ ቀጥሎ አስፋልቱ ላይ የከባድ ነገር መውደቅ። ያን ድምፅ ስሰማ ምን እንደተሰማኝ አልደብቅህም። ደስ አለኝ። በሕይወቴ እንደዚያ ደስ ብሎኝ አያውቅም። ሳቅሁ። እየሳቅሁ ጎማውን መታሁት፣ አብረን፣ ደረስን፣ ያ ልጅ ተጠግቶኝ ነበር፣ በአንዲት የፊት ጎማ ቀድሜው መስመሩን አለፍኩ።

ነጩ ኮት ፊት ለፊቴ ነበር። ባለሆቴሉ መድረኩ ላይ ከወንበሩ ተነስቶ፣ ወደ መንገዱ ሊወርድ አንድ እግሩን አስቀድሞ፣ ከኔ ኋላ ያለውን እያየ ቆሟል።

ዞርኩ። አስፋልቱ ላይ ያለው ነጭ ነገር ነጠላ ነበር።

የበረኪናው ሽታ ለምን አልደረሰኝም? ብዙ ጊዜ ራሴን ጠይቄያለሁ። ግራሶው ዋጠው።

እናቴ ቁጭ ብላ ነበር ስደርስ። የቀኝ እጇ ከአንጓው በማይሆን በኩል ታጥፏል። በግራ እጇ የነጠላዋን ጫፍ ይዛ የተሰበረውን ጠምጥማ ጨብጣዋለች። ሁለቱም መዳፎቿ ጥቁር ናቸው። ስታየኝ የመጀመሪያ ቃሏ፣

«አስወጡህ?» ነበር።

«አላስወጡኝም እማዬ። ለምን? ደንቡን አታውቂም? ዓመት ሙሉ ስነግርሽ!»

«አውቃለሁ። ወደ ኋላ ስትንሸራተት ሳይ ውድድሩ ጠፋብኝ። እጄ ነው የሄደው።»

ዳኛው መጣ። መዳፏን አየ፤ የወንበሬን ጀርባ በጣቱ ነካ፤ ጣቱን አሸተተ። ብዙ ነገር እንደገባው ከዓይኑ አወቅሁ። «እጅ አልያዘም፤ አዳልጧል። እርዳታ አልተሰጠም» ብሎ ጻፈ። ያሸነፍኩት በዚህ ነው። ግራሶው ከባለሆቴሉ አላዳነኝም፤ ከእናቴ አዳነኝ።

ባለሆቴሉ ሕዝቡን እየሰነጠቀ ደረሰ። ፎቶ አንሺውም ተከትሎታል። ጎንበስ ብሎ እናቴን በብብቷ ይዞ አነሳት፤ የግራ እጇ ኮቱ እጅጌ ላይ አረፈ። ጥቁር። አንድ ሰው «ኮትዎ! ኮትዎ!» አለ። ባለሆቴሉ ሁሉም እንዲሰማው ድምፁን ከፍ አድርጎ፣

«ልብስ ይታጠባል!» አለ።

ሕዝቡ አጨበጨበለት። ፎቶ አንሺው አነሳው።

አንጓዋን ወጌሻው አሽቶ በሸንበቆ አሰረው። ሰኞ ጠዋት የእጥበት ክፍሉ ተቆጣጣሪ፣ «እጅሽ እስኪድን ሌላ ሰው እናስገባለን» ስትላት ከእናቴ ጎን ነበርኩ። አንድ ጊዜ ሌላ ሰው የገባበት ሥራ ተመልሶ እንደማይገኝ ሦስታችንም እናውቃለን።

«እጅ አለኝ» አለቻት እናቴ፤ በአገጯ ወደኔ አመለከተች። «ይኸው።»

ስለዚህ እጇ ሆንኩ። እጥበት ክፍሉ ከሆቴሉ ጀርባ ነበር፤ የሲሚንቶ ገንዳዎች፣ በእንፋሎት የላበ ቆርቆሮ፣ ዓይን የሚያነባ በረኪና። ግንቡ ላይ አንድ አባ ኮዳ ቆሞ ያየናል። ገንዳው ከወንበሬ ቁመት ጋር ስለሚመጣጠን ከዊልቸሬ መውረድ አላስፈለገኝም። ከቀትር በፊት አሥራ ዘጠኝ አንሶላ አጠብኩ። ከቀትር በኋላ ተቆጣጣሪዋ አንድ ልብስ በክንዷ ላይ አጋድማ መጣች።

«የባለቤቱ ነው። ለነገ ይፈልገዋል።»

ነጩ ኮት ነበር። እጅጌው ላይ የእናቴ እጅ አለ።

«ይሄን አላጥብም» አልኩ ተቆጣጣሪዋ ስትሄድ።

«ታጥባለህ።»

«እማዬ፣ የሱን እኮ ነው!»

እናቴ በተሰበረ እጇ በኩል ያለውን ትከሻዋን ግድግዳው ላይ አስደግፋ ቁጭ አለች። የተቆጣች አትመስልም ነበር። የደከማት ትመስል ነበር።

«ግራሶውን የቀባኸው ለሱ እንደሆነ ገና እጄን ሲያዳልጠኝ ነው ያወቅሁት። አሽትቼ ነው ያወቅሁት» አለች። «እሺ፣ እንዳሰብኸው ሆነ እንበል። እኔ ቀረሁ፣ እሱ መጣ፣ ኮቱ ከላይ እስከ ታች ጠቆረ። ከዚያስ? ሰኞ ጠዋት ማን የሚያጥበው መስሎህ ነበር? እሱ?»

ዓመት ሙሉ ሁሉንም ነገር ለክቻለሁ፤ የጎማውን አየር፣ የዳገቱን ርዝመት፣ የግራሶውን ውፍረት። ይህን አልለካሁም።

«ነጭ ጋዙን አምጣው» አለች። «ውሃ እንዳታስነካው፤ ውሃ ቀድሞ ከነካው ግራሶው ይነክሳል። ጨርቅህን አጣጥፍ። ከዳር ጀምረህ ወደ መሃል። ከመሃል ከጀመርክ ይሰፋል።»

ከዳር ወደ መሃል አሸሁት። መጀመሪያ አውራ ጣቷ ጠፋ፣ ከዚያ ትንሿ፣ ከዚያ መዳፏ። የእናቴን እጅ ከዚያ ሰው ልብስ ላይ ጣት በጣት አነሳሁት። ሳሙና፣ ሙቅ ውሃ፣ እንደገና ሳሙና። ከጎኔ ሆና፣ «ቀስ፣ ጨርቁ ሱፍ ነው» ትለኝ ነበር። ሲደርቅ ኮቱ እንደ አዲስ ነጣ።

አንዲት ነጥብ ብቻ ተውኩ። እጅጌው ውስጥ፣ ገበሩ ከጨርቁ በሚጋጠምበት ስፌት ላይ፣ ምስር የምታህል። ማንሳት አቅቶኝ አይደለም።

እናቴ በግራ እጇ ኮቱን እያገላበጠች አየችው። ክሳዱን፣ ኪሱን፣ እጅጌውን። እጅጌውን ወደ ውስጥ ገለበጠችው። አውራ ጣቷ ነጥቧ ላይ ቆመ። ከአንሶላ ላይ ደም፣ ከጠረጴዛ ልብስ ላይ ወይን ስታነሳ ዕድሜዋን የፈጀች ሴት ናት፤ ሳታያት አትቀርም። ቀና ብላ አየችኝ። ጋዙን መልሳ የምትሰጠኝ መስሎኝ እጄን ዘረጋሁ።

እጅጌውን፣ ነጥቧን ወደ ውስጥ አድርጋ፣ አጠፈችው።

«ደርቋል» አለች። «ውሰድላቸው።»

ማታ ወደ ቤት ስንመለስ እንደ ልማዷ ሦስት እርምጃ ከኋላዬ ነበረች። ታቦር ዳገቱ ሥር ስንደርስ ቆምኩ።

«ግፊኝ» አልኳት።

«ትልቅ ሰው አይደለህ?»

«ደክሞኛል።»

አልደከመኝም ነበር። ግራ እጇን ከጀርባዬ አኖረች። በአንድ እጅ የሚገፋ ዊልቸር ቀጥ ብሎ አይሄድም፤ ወደ ቀኝ ይጠመዘዛል። እኔ የቀኙን ጎማ በጣቶቼ ጫፍ ቀስ እያልኩ አገዝኩት፤ ቀጥ አልን። እያገዝኳት እንደሆነ አላወቀችም። ወይም አውቃለች።

ነጠላውን ላጥብልሽ ብዬ ብዙ ጊዜ ጠይቄያታለሁ። እምቢ አለች። «የሰው እድፍ ሳነሳ ነው የኖርኩት፤ የራሴን ልተወው» ትለኝ ነበር። ጸሎት ቤት ስትሄድ ጥቁሩን ወደ ውስጥ አጥፋ ትለብሰው ነበር።

አዲስ አበባ ሦስት ጊዜ ሄጃለሁ። አራተኛ፣ ስድስተኛ፣ ሦስተኛ ወጥቻለሁ። አሁን እውነተኛ የእሽቅድምድም ወንበር አለኝ፤ የአልጋ ብረቱ ጎሚስታው ጋ ግድግዳ ላይ ተሰቅሏል። ባለሆቴሉ ዛሬም የክብር እንግዳ ነው፤ ዛሬም ነጭ ይለብሳል። ሜዳሊያ ሲያጠልቅልኝ እጁ ወደ ፊቴ ሲመጣ፣ ሰዎች ዓይኑን የማላየው ከትሕትና ይመስላቸዋል። እኔ የማየው እጅጌው ውስጥ ነው። ነጥቧን እስካሁን አላገኘኋትም፤ ኮቱ ሌላ ሆኖ ይሆናል። ግን መፈለጌን አላቆምኩም።

እናቴ ባለፈው ክረምት አረፈች።

ልምምድ ስጨርስ ውሃ ከመጠጣቴ በፊት ከጉያዬ ንጹሕ ጨርቅ አወጣና የወንበሬን ጀርባ እጠርጋለሁ። መደገፊያውን፣ አግዳሚውን ብረት፣ እጅ ሊያርፍበት የሚችለውን ሁሉ፣ ሁለት ጊዜ። ዞር ብዬ አያለሁ። ሦስት እርምጃ ወደ ኋላ ማንም የለም። ቢሆንም እጠርገዋለሁ።